«ላድላ»፦ ባለፋብሪካዋ ሺታልና የሠራተኞች መሪ ባሏ

ድሬዳዋን የህንድ ፊልም አስተዋውቃለሁ ማለት ለቀባሪው አረዱት ነው። ከተማዋ እ.ኤ.አ. በ1902 የጅቡቲው ባቡር ሲደርስ ከተቆረቆረች ጀምሮ የህንድ ነጋዴና የህንድ ጨርቅ ታውቃለች፤ ፊልሙም በሲኒማ ቤቱና በየሰፈሩ ቪዲዮ ቤት ተከትሎ መጣ። ሳቢያንም ሆነ መጋላ፣ ሂንዲ ሳይሰማ ዘፈኑን ከነውዝዋዜው የሚያወርድ ሰው አይጠፋም። የዛሬ ልጆች ደግሞ «ዚ ዓለም» በተባለው ቻናል የህንድ ድራማ በአማርኛ ያያሉ። ትእዛዝ እንጂ ልመና የማታውቅ፣ ባለሀብትና ኩሩ ሴት በድራማ ሲያዩ ከየት እንደመጣች መጠየቃቸው አይቀርም። ታላቅ እህቷን ለማግኘት እ.ኤ.አ. ወደ 1994 መመለስና «ላድላ»ን ማየት ነው።

ፊልሙን ያዘጋጀው ራጅ ካንዋር ነው፤ ሙዚቃው የአናንድና ሚሊንድ። ሽሪዴቪ ባለፋብሪካዋን ሺታል ጄትሊን፣ አኒል ካፑር ሠራተኛውን ራጁን፣ ራቪና ታንደን ደግሞ በሺታል ሥር የምትሠራውንና ራጁን የምትወደውን ካጃልን ሆነው ይጫወታሉ። ሺታል ቢሮ ስትገባ ሰው ሁሉ ቀጥ ይላል። ቅንድቧን ሰቅላ፣ ዓይኗን ሳትሰብር ትናገርና ንግግሯን በእንግሊዝኛ ማሰሪያ ትዘጋዋለች፦ «ገባህ? ቢገባህ ይሻልሃል!» ይህቺ አባባል በህንድ ከፊልሙ በላይ ዕድሜ አግኝታለች።

ራጁ የታመመች እናቱን የሚያስታምም፣ የእናቱ ቃል ከሕግ በላይ የሆነበት ወጣት ነው። ፋብሪካው ውስጥ ተቀጥሮ የሠራተኛ ማኅበር መሪ ይሆንና ከሺታል ጋር ፊት ለፊት ይጋጠማል። እሷም ሰውየውን በደመወዝም በማስፈራሪያም መርታት ሲያቅታት ሌላ ዘዴ ትፈልጋለች። ጭምት ልጃገረድ መስላ እናቱ ዘንድ ትቀርብና ታገባዋለች፤ ባሌ ከሆነ አንገቱን ይደፋል ብላ ነው። ስሌቱ ግን አልሠራም። ቤት ውስጥ ባልና ሚስት፣ ፋብሪካ ውስጥ አሠሪና የማኅበር መሪ ሆነው ጠቡ ይቀጥላል። የፊልሙ ጣዕም ያለው እዚህ ላይ ነው። በምድር ባቡር፣ በጨርቃ ጨርቅና በሲሚንቶ ፋብሪካ ላደገች ከተማ ደግሞ ፎርማን፣ ቦነስና የሥራ ማቆም አድማ ትርጉም አያስፈልጋቸውም።

የሺታልን ቦታ መጀመሪያ የያዘችው ሽሪዴቪ አልነበረችም። ቀረጻውን የጀመረችው ዲቪያ ባርቲ ስትሆን፣ አብዛኛው ክፍል ካለቀ በኋላ መጋቢት 27 ቀን 1985 ዓ.ም. በ19 ዓመቷ በድንገት ሞተች። ሽሪዴቪ ተተክታ የእሷ ትዕይንቶች እንደገና ተቀረጹ። ዲቪያ የተጫወተቻቸው ቁርጥራጮች ዛሬ ዩቲዩብ ላይ ስላሉ፣ አንዱን ትዕይንት በሁለት ተዋናዮች ማየት ይቻላል። ዲቪያ ልጅነት ያልለቀቃት ቁጡ ባለሀብት ናት። ሽሪዴቪ ግን በ4 ዓመቷ ካሜራ ፊት የቆመች አንጋፋ ነበረችና፣ ሥልጣኑን እንደ ለበሰችው ልብስ ሳታስበው ትሸከመዋለች። ለዚህ ሥራዋ ለፊልምፌር ሽልማት በምርጥ ተዋናይትነት ታጭታለች።

ታሪኩም ቢሆን ከሙምባይ አልፈለቀም። መነሻው ኤች. ጂ. ራዳ ዴቪ የተባለች የደቡብ ህንድ ሴት ደራሲ በካነዳ ቋንቋ የጻፈችው ልብ ወለድ ነው። እ.ኤ.አ. በ1986 በዚያው ቋንቋ ፊልም ሆኖ ዶክተር ራጅኩማር ተጫወተበት። በ1992 በታሚል ራጅኒካንትና ቪጃያሻንቲ «ማናን» ብለው፣ በቴሉጉ ቺራንጂቪና ናግማ «ጋራና ሞጉዱ» ብለው ደገሙት። አራተኛው «ላድላ» ነው። በ8 ዓመት ውስጥ አራት ጊዜ የተሠራ ታሪክ ሕዝብ የወደደው ለመሆኑ ምስክር አያሻውም።

ሆሊውድም ቢሆን ቀድሞ ሞክሮታል። እ.ኤ.አ. በ1933 ሩት ቻተርተን «ፊሜል» በተባለ ፊልም ከአባቷ የመኪና ፋብሪካ የወረሰች አሊሰን ድሬክ የምትባል ሴት ሆና ቀርባለች። የምትፈልገውን ወንድ ሠራተኛ ቤቷ ጠርታ ራት ታበላለች፤ በማግስቱ ቢሮ ውስጥ ታውቀኛለህ ወይ ትለዋለች። ይህን ግብዣ እምቢ የሚል አንድ መሐንዲስ ይመጣና ልቧን ይወስደዋል። በመጨረሻ ፋብሪካውን ለእሱ ሰጥታ እሷ ዘጠኝ ልጅ እንደምትወልድ ትናገራለች። ሺታልም ከ60 ዓመት በኋላ ያው ዕጣ ይደርሳታል፤ ወንበሩን ትታ የቤት እመቤት ልትሆን ትወስናለች።

ሳቢያን ውስጥ ቡና ላይ ተሰብስቦ ይህን መጨረሻ የሚያይ ቤተሰብ ጭብጨባና ሳቅ ሳይቀላቅል አይቀርም። ቀፊራ ላይ በጅምላ የምትሸጥ፣ ታይዋን ገበያ ውስጥ ሱቅ ያላት፣ ጫት የምታስጭን ሴት እዚህ ከተማ ብርቅ አይደለችም። ያንዷን ባል «ሱቅሽን ዝጊ» ቢያሰኘው መልሷ «አቦ ተወና!» ነው። ቤት ገብታ ወጡንም የምትሠራው ራሷ መሆኗ እርግጥ ነው፤ ድካሙ እጥፍ ነው፤ ቢሆንም ገንዘቡን የምትቆጥረው እሷ ናት።

ፊልሙ የሚስተው አሠሪነትና ሴትነት ሲደባለቁበት ነው። ሺታል በእርግጥ ክፉ አሠሪ ናት፤ በተቆጣች ቁጥር ሰው ታባርራለች፣ የደሃ እንባ አይታያትም። ራጁ የሚከራከርላቸው ጥያቄዎችም የደመወዝና የክብር ናቸው። ለእነሱ የሚሆነው መልስ ጥሩ አሠሪ መሆን ነበር። ፊልሙ ግን ጥፋቱን ወንበሯ ላይ ሳይሆን ቀሚሷ ላይ ይለጥፈውና ወጥ ቤት በመግባቷ ታረመች ይለናል። ሠራተኞቹ በዚህ ምን እንዳተረፉ አይነግረንም። ወንድ ባለፋብሪካ ቢሆን ኖሮ ቅጣቱ ቤት መዋል ባልሆነም ነበር።

እንዲህም ሆኖ «ላድላ» ሁለት ሰዓት ተኩል ያህል ቢወስድም አያስቆጭም። መጨረሻው ላይ ሺታል ለራጁ ብትሸነፍም፣ እስከዚያ ድረስ ያለውን የያዘችው ሽሪዴቪ ስለሆነች ከአክተሩ ይልቅ አለቃዋ ትታወሳለች። እ.ኤ.አ. በ2018 ያረፈችው ሽሪዴቪ በዚህ ፊልም ስትነሳ የሚታወሰው የሺታል ቁጣና ትእዛዝ ነው፤ የመጨረሻዎቹን ደቂቃዎች የቤት እመቤት የሚያስታውስ እምብዛም ነው።