የዳኛው ዳኛ ማን ነው?

ከአዲስ አበባ በጅማ መንገድ የወጣ ሰው ሰበታን፣ በአምቦ መንገድ የወጣ ቡራዩን፣ በጎጃም መንገድ የወጣ ሱሉልታን ያገኛል። በቀድሞ ዘመን በአገራችን መንገዶች ላይ የተጣሉ ሰዎች አላፊ አግዳሚውን «በሕግ አምላክ» ብለው አስቁመው ዳኛ ያደርጉት ነበር። ዛሬ ግን የዳኝነት ነገር በነዚህ ከተሞች ትምህርት ቤቶች አዳራሽም ይነሣል፤ ተማሪው ግጥሙን አንብቦ ወይም ሥዕሉን ሰቅሎ «ተሸንፈሃል» የሚባልበት ቀን አለና።

እኛም በተማሪነታችን ጊዜ በአንድ የግጥም ውድድር ተሸንፈናል። ያንገበገበን መሸነፉ ሳይሆን ከዳኞቹ አንዱ የአሸናፊው አጎት መሆኑን ኋላ መስማታችን ነው። አቤት የሚባልበት ስፍራ ስላልነበረ ግጥማችንን አጥፈን ሄድን። አበው «በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦዬ ታሳዝነኛለች» ያሉት ለካ እውነት ነው!

በዚህ ነገር እጅግ ሩቅ የሄደችው በደቡብ ሕንድ ያለችው ኬራላ ናት። እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1957 በተጀመረው የተማሪዎች የኪነ ጥበብ በዓል ላይ ልጆች ከትምህርት ቤት ተነሥተው ደረጃ በደረጃ ይወዳደራሉ። ጥሩ ውጤት ያገኘ ተማሪ በፈተናው ላይ ተጨማሪ ማርክ ሲሰጠው ስለ ኖረ ሽንፈት ዋጋ ያስከፍላል። ስለዚህ ወላጆች በመጀመሪያ ለይግባኝ ኮሚቴ፣ ካልተሳካላቸውም ለፍርድ ቤት አቤት ይላሉ። በትእዛዝ የሚገባው ተወዳዳሪ ሲበዛም ውድድሩ እስከ ሌሊት ይንዛዛል። በ2018 በትሪሹር ከተማ በተደረገው በዓልማ ሐሰተኛ የይግባኝ ትእዛዝ ተገኝቷል።

እንግዲህ አቤት ባይ ማጣትም፣ አቤቱታ መብዛትም ጉዳት አለው ማለት ነው። መካከለኛው መንገድ ወዴት ነው?

በ1987 ዓ.ም. የጸደቀው ሕገ መንግሥታችን በአንቀጽ 37 ማንኛውም ሰው «በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ» ለፍርድ ቤት የማቅረብ መብት እንዳለው ይናገራል። ታዲያ የግጥም ማማር በፍርድ ሊወሰን የሚገባ ነውን? አይመስለንም። ችሎት ተቀምጦ ጆሮውን በሌላው ጆሮ ሊተካ አይችልም። የተጻፈ ደንብ መጣሱ ወይም ዘመድ ለዘመዱ መፍረዱ ግን የጣዕም ጉዳይ አይደለም፤ ማስረጃ የሚቀርብበት ነገር ነው።

በሰበታም፣ በቡራዩም፣ በሱሉልታም ውድድር የምታዘጋጁ ወጣት ሹማምንት ሆይ፥ የምንለምናችሁ ብዙ አይደለም። መመዘኛው ከውድድሩ በፊት ተጽፎ ይለጠፍ። ዘመድ ያለበት ዳኛ ይነሣ። እያንዳንዱ ዳኛ ማርኩን ለብቻው ጽፎ ይፈርምበት። አቤቱታ የሚሰሙትም ከዳኞቹ ሌላ የሆኑ ሰዎች ይሁኑ፤ ውሳኔውም በዚያው ቀን ይሰጥ።

ተማሪው ወንድማችንና እኅታችንም ደንቡ ተጠብቆ ከተሸነፉ ለወላጅ ክስ ከመቸኮል ይልቅ ግጥማቸውን እንደገና ቢያነቡት ይሻላል እንላለን። እኛ ያን ጊዜ ያጠፍነውን ወረቀት በቅርቡ ገልጠን ብናየው፥ አጎትየው ባይኖርም ኖሮ ማሸነፋችን ያጠራጥር ነበር።