የቤት ሽያጭ ውል በፍርድ ቤት የሚጸናው መቼ ነው?

በሬ ለመግዛት ገበያ መውጣት ይበቃል። ገዥው በሬውን ዞሮ ያያል፤ በዋጋ ይከራከራል፤ ገንዘቡን ቆጥሮ ይሰጣል፤ በሬውን ነድቶ ይሄዳል። ቤት ግን እንደ በሬ አይነዳም። ገንዘብ ስለተከፈለና ቁልፍ ስለተሰጠ ብቻ ቤቱ የገዥው ሆነ ማለት አይደለም። ሕጉ ለቤት ሽያጭ የተለየ ሥርዓት አውጥቷል።

በአዲስ አበባ ደቡብ በኩል፣ በንፋስ ስልክ ላፍቶ ክፍለ ከተማ፣ ለቡ መብራት ኃይል የሚባል ሰፈር አለ። ከተማው ሳይሰፋ በፊት አካባቢው የእርሻ ማሳ ነበር። ዛሬ ቤት ሞልቶበታል፤ ዋጋውም ወጥቷል። እንበልና አንድ ሰው እዚያ ቤት በ200 ሺህ ብር ገዛ። ውሉን ደላላ ጻፈ። ሁለት ጎረቤቶች በምስክርነት ፈረሙ። ገዥው ቤቱን ተረክቦ ገባ። ከዓመታት በኋላ የቤቱ ዋጋ እጥፍ ድርብ ሆነ። ያን ጊዜ ሻጩ «ውሉ አይጸናም፤ ቤቴን መልስ» ብሎ ከሰሰ። ዳኛው ምን ይላሉ?

መልሱ በ1952 ዓ.ም. በወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ውስጥ ይገኛል። ሕጉ ሦስት ነገር ይጠይቃል።

አንደኛ፣ ውሉ በጽሑፍ መሆን አለበት (ቁጥር 2877)። በቃል የተደረገ የቤት ሽያጭ ዋጋ የለውም።

ሁለተኛ፣ ሻጭና ገዥ ይፈርማሉ፤ ሁለት ምስክሮችም ይፈርማሉ (ቁጥር 1727)።

ሦስተኛ፣ ውሉ በፍርድ ቤት ወይም ውል ለማዋዋል ሥልጣን በተሰጠው ሹም ፊት መመዝገብ አለበት (ቁጥር 1723)።

በምሳሌያችን ሦስተኛው ነገር ጎድሏል። በ1999 ዓ.ም. የፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሰበር ሰሚ ችሎት በመዝገብ ቁጥር 21448 ያልተመዘገበ የቤት ሽያጭ ውል አይጸናም ሲል ወስኗል። ውል ሲፈርስ ሁሉም ወደነበረበት ይመለሳል። ሻጩ ቤቱን ይወስዳል፤ ገዥው ብሩን ይቀበላል። ነገር ግን የድሮው 200 ሺህ ብር ዛሬ ያንን ቤት አይገዛም። የገዥው ጉዳት እዚህ ላይ ነው።

ውሉ በደንቡ የተደረገ ሲሆንስ? ሻጩ አላስረክብም ቢል ገዥው ሜዳ ላይ አይቀርም። መጀመሪያ «እንደ ውላችን ፈጽም» ብሎ በጽሑፍ ያስጠነቅቃል። እምቢ ካለ ክስ ያቀርባል። ሻጩ ቤቱን ለሌላ እንዳይሸጥበት ገዥው ከክሱ ጋር የእግድ ትእዛዝ ይጠይቃል። ከተፈረደለትም በኋላ ሥራው አላለቀም። የፍርዱን ግልባጭ ይዞ የአፈጻጸም ማመልከቻ ማቅረብ አለበት። ፍርድ ያለ አፈጻጸም ወረቀት ብቻ ነው።

ቀብድም የራሱ ሕግ አለው። በውሉ ላይ ሌላ ስምምነት ከሌለ፣ ቀብድ ከፋዩ ውሉን ከተወ ቀብዱ ይቀርበታል። ተቀባዩ ከተወ ግን እጥፉን ይመልሳል (ቁጥር 1885)። 10 ሺህ ብር የተቀበለ 20 ሺህ ይከፍላል።

ከመፈረም በፊት ሁለት ነገር ማጣራት ይገባል። ቤቱ የባልና ሚስት ከሆነ ሁለቱም መስማማት አለባቸው። ባል ብቻውን ቢሸጥ ሚስት ውሉ እንዲፈርስ ፍርድ ቤት መጠየቅ ትችላለች። ደግሞም የሚሸጠው ቤት እንጂ መሬት አይደለም። በ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት አንቀጽ 40 መሠረት መሬት አይሸጥም፤ አይለወጥም። ማሳውን በብር የሸጠና የገዛ በዚያ ውል ፍርድ ቤት ቢቆም አይጸናለትም።

በመጨረሻ ስለ ፊርማ እንናገር። ማንበብና መጻፍ የማይችል ሰው ጣቱን ቢያትም፣ ዳኛ ወይም ሥልጣን ያለው ሹም ፊት ካልተረጋገጠ በቀር አይገደድበትም (ቁጥር 1728)። ሕጉ ይህን ያደረገው ያላነበበው ወረቀት መጥፊያው እንዳይሆን ነው። ፊደል የለየ ሰው ግን ይህ ጥላ የለውም። «ሳላነበው ፈረምኩ» ቢል የሚሰማው አያገኝም። ስለዚህ ደላላው ቢቸኩል፣ ሽማግሌው ቢያጣድፍ፣ እናንተ አትቸኩሉ። እያንዳንዱን መስመር አንብቡ፤ ዋጋው በአኃዝም በፊደልም መጻፉን እዩ፤ ከዚያ ፈርሙ።

ለውይይት፦
1. በሬና ቤት መግዛት በምን ይለያያል?
2. በምሳሌው ያለው ገዥ ምን ቢያደርግ ኖሮ ይድን ነበር?