የጂቡቲው ሳክስፎን ነፊ ሙሐመድ አብዲ «አልቶ»

የጂቡቲ ከተማ ስሟ የሚነሣው በወደቧና በባቡር ሐዲዷ ነው። ወደ መጋዘኖቿ የሚገባውና የሚወጣው ዕቃ ሁሉ በቁጥርና በሚዛን ይመዘገባል። ይሁን እንጂ ብዙ ዘመን ወደ ውጭ ሳይላክ የቆየ አንድ ሀብት ነበራት፤ ይኸውም የሙዚቃ ጓዶቿ ድምፅ ነው። ለዚህም የሙሐመድ አብዲ ሥራ ምስክር ይሆናል።

አቶ ሙሐመድ የሚታወቁት «አልቶ» በሚለው ስም ነው፤ ስሙም የመሣሪያቸው ነው። አልቶ ከሳክስፎን ዓይነቶች አንዱ ሲሆን ድምፁ ከቴኖር ቀጠን ይላል። ቤልጅጋዊው አዶልፍ ሳክስ ፈልስፎ፥ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1846 በፓሪስ መብቱን ያስመዘገበው ይህ መሣሪያ አካሉ ብረት ቢሆንም፥ ድምፁ የሚወለደው በአፉ ላይ ከሚታሰረው የሸንበቆ ስንጥር ስለ ሆነ ከእንጨት የትንፋሽ መሣሪያዎች ወገን ይቆጠራል። ስንጥሩ ለከንፈር ታዛዥ ነው፤ ድምፁንም እንደ ዘፋኝ ጉሮሮ ማጠፍና ማንቀጥቀጥ ይቻላል። ስለዚህ የአሜሪካን ጃዝ የለመደ ነፊ ባለ አምስት ድምፁን የሶማሌ ዜማ ለማጀብ አይቸገርም።

አቶ ሙሐመድ የተጫወቱበት ጓድ የጂቡቲ ራዲዮና ቴሌቪዥን ድርጅት፥ ማለት የመንግሥት ጓድ ነው። በበዓላትና በእንግዶች አቀባበል ላይ መጫወት የሥራው ግዴታ ነው። ከዚህ ሰዓት ውጭ ግን የጃማይካን ሬጌ፥ የሱዳንን ዘፈንና የሕንድን ፊልም ዜማ ከአገሩ ሙዚቃ ጋር ያዋሕዳል። እንዲህ ባለው ጓድ ውስጥ የሚኖር ነፊ በአንድ ስልት ብቻ ሊወሰን አይችልም።

ተመሳሳይ ታሪክ በአዲስ አበባም ይገኛል። ክራርና ማሲንቆ ተምረው ክላሪኔትንና ሳክስፎንን የያዙት ጌታቸው መኩሪያ በ1949 በማዘጋጃ ቤት፥ በ1955 በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር፥ በ1965 በፖሊስ ኦርኬስትራ ተቀጥረው ሠርተዋል። ሽለላን በሳክስፎን ማሰማታቸው ዝነኛ አደረጋቸው። ሥራቸው በሸክላ ታትሞ ስለ ነበር በ2003 በውጭ አገር እንደ ገና ሊወጣ ቻለ፤ በ2006 ደግሞ ከሆላንዱ «ዘ ኤክስ» ጓድ ጋር አዲስ ቅጂ አወጡ። በ2016 ሲያርፉም ድምፃቸው ቀርቷል።

የጂቡቲው ጓድ ተራ የደረሰው ዘግይቶ ነው። በ2019 ኦስቲናቶ የተባለው የኒውዮርክ ሸክላ አሳታሚ መሣሪያውን ይዞ ወደ ራዲዮ ጣቢያው መጣ፤ ቅጂውም በሦስት ቀን ተፈጸመ። በ2020 በታተመው ሥራ ውስጥ ወጣቷ ድምፃዊት አስማ ዑመር ከነባሮቹ ተጫዋቾች ጋር ትሰማለች፤ በአቶ ሙሐመድ ስም የተሰየመ አጭር የሳክስፎን ጨዋታም አለበት። በ2021 ደግሞ ከዚያው ጣቢያ መዝገብ ቤት የወጡ የ«ካትር ማርስ» ጓድ የቆዩ ቅጂዎች ታተሙ።

ከዚህ የምንረዳው ነገር አለ። የመንግሥት ደመወዝ ነፊውን ከመሣሪያው ጋር አቆየው፤ የጣቢያው መዝገብ ቤትም ቴፑን ከመጥፋት አዳነ። ወጣቱ ከአንጋፋው አጠገብ ቆሞ መማሩ መልካም ነው፤ ሆኖም በአንድ ክፍል ውስጥ የሚቀመጡት ጥቂቶች ናቸው። ታትሞ የወጣ ቅጂ ግን በሐርጌሳም ሆነ በድሬዳዋ ላለው ተማሪ መምህር ይሆነዋል። ስለዚህ ቴፕ በመደርደሪያው ላይ ያለው ባለሥልጣንና ሸክላ የሚነግደው ነጋዴ ቢተባበሩ፥ ትርፉ ለሁለቱም፥ ይልቁንም ለሚከተለው ትውልድ ነው።