ላሟን ሳያውቁ ወተቷን መነገድ

በየማለዳው በሱሉልታ፣ በቡራዩና በሰበታ በኩል ወደ አዲስ አበባ የሚገባው ወተት ሸማቹ ቁርሱን ሳይቀምስ ሁለትና ሦስት እጅ ይለዋወጣል። አላቢው ለሰብሳቢው፣ ሰብሳቢው ለማቀዝቀዣ ጣቢያው፣ ጣቢያው ለፋብሪካው ያስረክባል። በየርክክቡ ሊትሩ ይለካል፣ ዋጋው ይቆረጣል፣ ገንዘቡ ይከፈላል ወይም በዱቤ ይመዘገባል። በዚህ ሁሉ ሒሳብ ውስጥ የማይመዘገብ አንድ ነገር አለ፤ ላሟ ምን እንደበላች።

ይህ የአርቢው ጣጣ እንጂ የባለፋብሪካው ሥራ አይደለም የሚለው አስተሳሰብ በገበያው ሥር የሰደደ ነው። ዳሩ ግን የማሸጊያ መሣሪያውን፣ የማቀዝቀዣ ጋኑንና መኪናውን ገንዘብና የውጭ ምንዛሪ ያገኘ ሁሉ ሊገዛው ይችላል። ተፎካካሪ በአንድ ጀንበር ሊገዛው የማይችለው ከአቅራቢ ጋር የቆየ ግንኙነትንና ከዚያ የሚገኘውን ዕውቀት ነው። በአዲስ አበባ ዙሪያ የወተትም ሆነ የቢራ ንግድ ይህንኑ በውድ ዋጋ ሲማር ቆይቷል።

ሦስት መንገድ፣ አንድ ገበያ

በ2015 ዓ.ም በሸገር ከተማ ሥር የተጠቃለሉት ሦስቱ ከተሞች እያንዳንዳቸው የአንድ አውራ መንገድ መግቢያ ናቸው። ሱሉልታ በጎጃም መንገድ ላይ ሆና ከጫንጮና ከፍቼ መስመር የሚመጣውን የሰላሌ ወተት ታሳልፋለች። ቡራዩ በአምቦ መንገድ የሆለታን አካባቢ ወተት ትቀበላለች። ሰበታ በጅማ መንገድ ላይ ስትሆን፣ «ማማ» በሚል ስም ወተት የሚያሽገው ሰበታ አግሮ ኢንዱስትሪም የተተከለው እዚያው ነው።

ከሦስቱ መስመሮች የሰላሌው በድርጅት ረገድ የቆየ ልምድ አለው። እ.ኤ.አ. ከ1987 ጀምሮ በፊንላንድ መንግሥት ድጋፍ የገበሬ ወተት ልማት ሙከራ ተካሂዶበታል፤ ዛሬም መቀመጫውን ፍቼ ያደረገ የወተት አምራቾች ኅብረት ሥራ ዩኒየን አለው።

ወተቱ ማሰባሰቢያ ጣቢያ ሲደርስ አብዛኛውን ጊዜ ሁለት ነገር ይመረመራል። ላክቶሜትሩ ውኃ መጨመር አለመጨመሩን፣ የአልኮሉ ምርመራ ደግሞ ወተቱ መኮምጠጥ መጀመር አለመጀመሩን ይጠቁማል። ይህን ያለፈ ወተት ቅባቱ ቢበዛም ቢያንስም፣ በንጹሕ የአሉሚኒየም ጣሳ ቢመጣም በፕላስቲክ ጀሪካን፣ በብዙ ቦታ የሚከፈለው በሊትር አንድ ዓይነት ዋጋ ነው። ስለሆነም ለንጽሕናና ለመኖ ተጨማሪ ወጪ ያወጣ አርቢ ምንም ካላወጣው ጎረቤቱ እኩል ይከፈለዋል። ገበያው እንዲህ ሲያስተምር ደግሞ ተማሪው ትምህርቱ ቶሎ ይገባዋል።

ላሟ አትጾምም

የግንኙነቱ ጥንካሬ የሚፈተነው በጾም ወቅት ነው። የዐቢይ ጾም 55 ቀናት ብቻ ሳይሆኑ በዓመቱ ውስጥ ያሉት ሌሎች አጽዋማትና ረቡዕና ዓርብ ሲደመሩ የወተት ፍላጎት የሚቀዘቅዝባቸው ቀናት የዓመቱን ግማሽ ገደማ ይይዛሉ። ሸማቹ ይጾማል፤ ላሟ ግን አትጾምም። በዚህ ጊዜ ፋብሪካው የሚረከበውን መጠን ይቀንሳል፤ አርቢው የተረፈውን ወተት እየናጠ ቅቤና አይብ ያደርገዋል፣ ወይም ባገኘው ዋጋ ይሸጠዋል።

ጾሙ ሲፈታ ነገሩ ይገለበጣል። ፍላጎቱ በአንድ ቀን ይነሣል፣ ገዢዎች በየመንገዱ ይሻማሉ፣ አርቢውም በሊትር ጥቂት ሳንቲም ለጨመረለት ይሰጣል። ባለፋብሪካው አርቢው ውል አያከብርም ብሎ ያማርራል። አርቢው በበኩሉ በጾም የተወው ገዢ በፋሲካ ማግሥት ታማኝነት ሲጠይቀው ይገርመዋል። ሁለቱም እንደየሒሳባቸው ትክክል ናቸው፤ ስሌቱ የየወቅቱ እንጂ የዓመቱ ስላልሆነ ግን ሁለቱም ይከስራሉ።

ከዚህ አዙሪት ለመውጣት የሚፈልግ ፋብሪካ በጾም ወቅት ቀነስ ባለ፣ ነገር ግን አስቀድሞ በታወቀ ዋጋ መረከቡን መቀጠል ይኖርበታል። ትርፉን ወተት ወደ ቅቤና ብዙ ወደሚቆይ አይብ መለወጥ፣ ማከማቸትና ገንዘቡ እስኪመለስ መጠበቅ ወጪ ነው። ይሁንና ወጪው እንደ ኪሣራ ሳይሆን እንደ መድን አረቦን ሊታይ ይገባዋል። የሚገዛው ነገር በፋሲካ ማግሥት ጋኑ ባዶ እንዳይሆን ነው።

ከፋጉሎ የመጣ ጣጣ

የአቅራቢ ግንኙነት ከዋጋና ከመጠን በላይ መሆኑ የታየው የዓለም አቀፉ የእንስሳት ሀብት ምርምር ተቋም (ኢልሪ) ተመራማሪዎች በአዲስ አበባ ዙሪያ ባካሄዱትና እ.ኤ.አ. በ2016 በታተመው ጥናት ነው። ጥናቱ ከአዲስ አበባ ሌላ ሰበታንና ሱሉልታንም ያካተተ ሲሆን፣ 100 የወተት ናሙና ከአርቢዎች፣ 10 ደግሞ ከወተት ነጋዴዎች ተወስዷል። በ110ሩም ውስጥ አፍላቶክሲን የተባለው የሻጋታ መርዝ ተገኝቷል። የአውሮፓ ኅብረት ከሚፈቅደው በሊትር 0.05 ማይክሮግራም ያልበለጡት 9 ናሙናዎች ብቻ ነበሩ። 29ኙ ናሙናዎች በአሜሪካ የሚሠራበትን 0.5 ማይክሮግራም እንኳ አልፈዋል።

መርዙ ወደ ወተቱ የሚገባው ላሟ ከበላችው የሻገተ መኖ ነው። ተመራማሪዎቹ ከ156 የመኖ ናሙናዎች በመነሣት ብክለቱን በተለይ ከኑግ ፋጉሎ ጋር አያይዘውታል። ለጉበት ካንሰር የሚያጋልጠው ይህ መርዝ በማፍላትም ሆነ ፋብሪካው በሚያካሂደው የሙቀት ማከሚያ አይጠፋም። ወሬው እ.ኤ.አ. በ2015 መገባደጃ ላይ ሲሰማ ሸማቹ ተደናገጠ። ጉዳቱም ጥንቃቄ ያደረገውንና ያላደረገውን ሳይለይ በወተት ንግዱ ላይ በጅምላ አረፈ።

ለነጋዴው ትምህርቱ ያለው እዚህ ላይ ነው። ችግሩ የተፈጠረው በፋብሪካው ውስጥ አልነበረም፤ በአላቢው እጅም አልነበረም። ከአቅራቢው ኋላ በቆመው ሌላ አቅራቢ ዘንድ፣ ኑጉና ፋጉሎው እርጥበት ይዞ በተከማቸበት ቦታ ነበር። ላክቶሜትር ይህንን አያይም። አርቢው ፋጉሎን በዋጋው ርካሽነት የሚመርጠው ደግሞ ለተሻለ መኖ ተጨማሪ የሚከፍለው ገዢ ስለሌለ ነው። ወተቱን ከማን እንደሚረከብ የማያውቅ ፋብሪካ ብክለቱን ወደ ምንጩ ተከትሎ ሊደርስበት አይችልም፤ «የእኔ ወተት ከዚህ ነፃ ነው» ለማለትም ማስረጃ የለውም።

አርቢዎቹን በስም የሚያውቅ ፋብሪካ ግን መኖ በጋራ እንዲገዙ ያደርጋል፣ ፋጉሎውን ከመከፋፈሉ በፊት ያስመረምራል፣ ደረቅ ማከማቻ ለሠራ በሊትር ይጨምራል። የአንድ ሰሞን የማስታወቂያ ወጪ ለዚህ ቢውል የሚያስገኘው ጥቅም ከማስታወቂያው ይልቅ የሚቆይ ይሆናል።

የሰበታው ገብስ

ተመሳሳይ ጉዳይ በቢራውም መስክ ታይቷል። ሰበታ ላይ የሚገኘው ሜታ አቦ ቢራ ፋብሪካ በ1950ዎቹ ዓ.ም የተቋቋመ ሲሆን፣ የእንግሊዙ ዲያጆ እ.ኤ.አ. በ2012 ከመንግሥት በ225 ሚሊዮን ዶላር ገዛው። በ2011 ሐረርንና በደሌን የገዛው ሔኒከን ቀድሞት ገብቶ ስለነበር ፉክክሩ በጠርሙስና በማስታወቂያ ብቻ አልተወሰነም፤ እስከ ገብስ ማሳ ድረስ ወረደ።

የቢራ ገብስ እንደ ቆሎ ገብስ አይደለም። ፕሮቲኑ ከፍ ካለ፣ ፍሬው ካነሰ ወይም በእኩል ካልበቀለ ብቅሉ ይበላሻል። ገበሬው ይህን ሊያውቅ የሚችለው ገዢው ሲነግረውና ልዩነቱን ሲከፍለው ነው። ዲያጆም ሆነ ሔኒከን ዘርና ማዳበሪያ በብድር እየሰጡ፣ ምርቱንም በውል እየተረከቡ ከሺዎች ከሚቆጠሩ ገበሬዎች ጋር መሥራት የጀመሩት ለዚህ ነው። የገበያው ዋጋ ከውሉ ዋጋ ሲበልጥ ገብሱን ለሌላ መሸጥ እዚህም አልቀረም።

ቢሆንም የተተከለው ዕውቀት ከባለቤቱ በኋላም ይቆያል። እ.ኤ.አ. በ1984 የተቋቋመው የአሰላ ብቅል ፋብሪካ ለረዥም ዘመን የአገሩ ዋና ብቅል አምራች ነበር። በ2021 ግን ሱፍሌ በቦሌ ለሚ፣ ቡርትማልት በደብረ ብርሃን ፋብሪካ ከፈቱ፤ ለዚህ ድፍረት ካበቋቸው ነገሮች አንዱ የቢራ ገብስ ማምረት የለመደ ገበሬ መኖሩ ነው። ዲያጆ እ.ኤ.አ. በ2022 ሜታን ለቢጂአይ ሸጦ ሲወጣም ገብስ አምራቹ የተማረውን ይዞ ቀርቷል።

ከቶዮታ እስከ አሙል

በሌላው ዓለም የዚህ ዓይነቱ ግንኙነት ዋጋ ጎልቶ የታየው እ.ኤ.አ. የካቲት 1 ቀን 1997 በጃፓን ነው። ለቶዮታ መኪኖች የፍሬን ቫልቭ በብቸኝነት ያህል ያቀርብ የነበረው የአይሲን ፋብሪካ በእሳት ወደመ። ቶዮታ የነበረው ክምችት ለሰዓታት ብቻ የሚበቃ በመሆኑ የመገጣጠሚያ መስመሮቹ ቆሙ። ይሁንና ወደ 200 የሚጠጉ ድርጅቶች ተረባርበው ቫልቩን በየራሳቸው መሣሪያ ሠሩ፤ ከነዚህም አንዱ የልብስ ስፌት መኪና አምራቹ ብራዘር ነበር። ቶዮታ በሳምንት ጊዜ ውስጥ ወደ ቀድሞ ምርቱ ተቃረበ። ያን ርብርብ ያመጣው በውል ላይ የሰፈረ ቃል አልነበረም፤ ቶዮታ ለዓመታት ባለሙያዎቹን ወደ አቅራቢዎቹ እየላከ ማስተማሩና አቅራቢዎቹም እርስ በርስ መተዋወቃቸው ነው።

ለወተት ነጋዴው የሚቀርበው ምሳሌ ግን የሕንዱ አሙል ነው። እ.ኤ.አ. በ1946 በጉጃራት የተጀመረው ይህ የኅብረት ሥራ ድርጅት ከመንደር አባላቱ ወተት በቀን ሁለት ጊዜ ይረከባል፤ ክፍያውም በቅባቱ መጠን ነው። የመኖ ፋብሪካና የእንስሳት ሕክምናም ከወተት ርክክቡ ጋር አብረው ያድጋሉ። ላም ያላት ገበሬ የተሻለ ብታበላት የተሻለ እንደምትከፈል በየቀኑ በዓይኗ ታያለች።

ኢትዮጵያም የጃፓኑን ካይዘን ከ2009 የሙከራ ሥራ ጀምሮ ስታስፋፋ ቆይታለች፤ የኢትዮጵያ ካይዘን ኢንስቲትዩትም እ.ኤ.አ. በ2011 ተቋቁሟል። ትምህርቱ ከፋብሪካው አጥር ካልወጣ ግን ወለሉ የጸዳ፣ ወተቱ የተበከለ ፋብሪካ ማትረፉ አይቀርም።

እንግዲህ ገንዘቡን በወተት ወይም በቢራ ሊያውል ያሰበ ባለሀብት የማሽኑን አቅም ብቻ ጠይቆ መመለስ የለበትም። ድርጅቱ ከአቅራቢዎቹ ስንቱን በስም ያውቃል? በጾም ወራት ከስንቱ ተረከበ? ለጥራት የሚከፍለው ልዩነት ስንት ነው? መኖውን ማን ያቀርባል፣ የት ተከማቸ? የነዚህ መልስ በሒሳብ መዝገብ ሚዛን ላይ አይሰፍርም። ገበያው በሚናወጥበት ቀን ግን መጀመሪያ የሚመነዘረው እርሱ ነው። መልሱን ለማግኘትም ሩቅ መሄድ አያስፈልግም፤ በማለዳ ተነሥቶ እስከ ሱሉልታ፣ ቡራዩ ወይም ሰበታ ድረስ መንዳት ይበቃል።