የልጅ ጆሮ ሲታመም መድኃኒት እንስጥ ወይስ እንጠብቅ?

ባለፈው ወር አንዲት ጎረቤቴ ቡና ጠርታን ተሰብስበን ሳለ ፊቷ እንደ ወትሮው አልነበረም። ምን ሆነሽ ስላት አሜሪካ የሚኖረው የልጅ ልጇ ነገር ከንክኗት ኖሯል። የሦስት ዓመቱ ልጅ ጉንፋን ይዞት ሰንብቶ፣ አንድ ሌሊት ጆሮውን ይዞ ሲያለቅስ አደረ። በማግስቱ ሐኪም ዘንድ ወሰዱት። ሐኪሟ «የአንዱ ጆሮው ውስጥ ኢንፌክሽን አለ፤ ነገር ግን አሁን አንቲባዮቲክ አልሰጠውም፤ እንጠብቅ» ብላ መለሰቻቸው።

«ሲስተር፣ እስቲ ይኼን ጉድ ስሚ!» አለችኝ። «እዚህ ጤና ጣቢያ ብንወስደው ያኔውኑ አሞክሳሲሊን ይሰጡን ነበር። ያ ሁሉ ዶላር የሚከፈልበት ሕክምና ‹ጠብቁ› ነው የሚለው? ነገ የሚሄድ ሰው አግኝቻለሁ፤ ሽሮፑን ገዝቼ ልላክለት?»

መልስ ከመስጠቴ በፊት ሦስት ነገር ጠየቅኋት። ሐኪሟ የጆሮውን ውስጥ በመሣሪያ አይታዋለች ወይ? ለሕመሙ ማስታገሻ ታዞለታል ወይ? የሚመለሱበት ቀን ተነግሯቸዋል ወይ? ጎረቤቴ ወዲያው ስልኳን አንስታ ልጇን ጠየቀቻት። አይታዋለች። ማስታገሻ ታዟል። ሐሙስ ካልተሻለው መድኃኒቱ ይጀመራል፤ ከዚያ በፊት ከባሰበት ደግሞ ወዲያው ይደውላሉ።

«እንግዲያው አትላኪ» አልኳት። ምክንያቱን ለማስረዳት ግን ከአቦል እስከ በረካ ፈጀብን። ይህ ጥያቄ የብዙ ቤት ጥያቄ ስለሆነ ለእናንተም ላካፍላችሁ ወደድሁ።

ጆሮው ውስጥ ምን ይሆናል?

ከአፍንጫችን ጀርባ ተነሥቶ ከጆሮ ታምቡር በስተጀርባ ወዳለው ክፍል የሚገባ ቀጭን ቱቦ አለ። በሕፃናት ላይ ይህ ቱቦ አጭርና ጠባብ ነው፤ ወደ ታች ከማዘንበል ይልቅ ጋደም ያለ ነው። ልጁ ጉንፋን ሲይዘው ቱቦው ያብጥና ይዘጋል፤ ከታምቡሩ ጀርባ ፈሳሽ ይጠራቀማል፤ ጀርም ሲራባበት ፈሳሹ መግል ይሆንና ታምቡሩን ይወጥረዋል። ሕመሙ ልጁ ሲተኛ የሚብሰው፣ ቤተሰቡም ሌሊት የሚረበሸው ለዚህ ነው። በብዛት የሚያጠቃውም ከ6 ወር እስከ 2 ዓመት ያሉትን ነው።

መናገር የማይችል ሕፃን ያለቅሳል፣ ጡት ጀምሮ ይተዋል፣ ያተኩሰዋል፣ እንቅልፍ ያጣል። ጆሮን መጎተት ብቻውን ግን ምልክት አይሆንም፤ ሕፃናት ሲሰለቻቸውም ይጎትታሉ። አንዳንድ ጊዜ ታምቡሩ ይቀደድና መግሉ ይፈሳል። ያን ጊዜ ውጥረቱ ስለሚቀንስ ልጁ ድንገት ጸጥ ይላል፤ እናትም ዳነልኝ ትላለች። አልዳነም፤ መታየት አለበት።

«ጠብቁ» የሚሉት ለምንድን ነው?

ከእነዚህ ሕመሞች ብዙዎቹን የልጁ ሰውነት በራሱ ያሸንፋቸዋል። በተለያዩ አገሮች የተሠሩ ጥናቶች አንድ ላይ ሲመዘኑ፣ ከ100 ሕፃናት 60 ያህሉ አንቲባዮቲክ ወሰዱም አልወሰዱም በ24 ሰዓት ውስጥ ሕመሙ ይለቃቸዋል። በሁለተኛውና በሦስተኛው ቀን የመድኃኒቱ ጥቅም ሲለካ፣ 20 ልጆች ቢወስዱት ከሕመም የሚተርፈው ተጨማሪ ልጅ አንድ ነው። በሌላ በኩል ከ14 ወሳጆች አንዱ በመድኃኒቱ የተነሣ ያስመልሰዋል፣ ያስቀምጠዋል ወይም ሽፍታ ይወጣበታል።

ሌላም ጉዳይ አለ። አንቲባዮቲክ ሳያስፈልግ በተሰጠ ቁጥር በልጁ አፍንጫና ጉሮሮ ውስጥ ያሉት ጀርሞች ይላመዱታል። ነገ ልጁ የሳንባ ምች ቢይዘው ያው መድኃኒት ላይሠራለት ይችላል።

የኔዘርላንድስ ሐኪሞች ከ1990 ጀምሮ፣ የአሜሪካ የሕፃናት ሐኪሞች አካዳሚ ደግሞ በ2004 ባወጣውና በ2013 ባሻሻለው መመሪያ (ሁሉም በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) ለተወሰኑ ልጆች ከ48 እስከ 72 ሰዓት በክትትል መጠበቅን የፈቀዱት በዚህ ምክንያት ነው። የጎረቤቴ የልጅ ልጅ ሁለት ዓመት አልፎታል፣ የታመመው አንድ ጆሮው ነው፣ ትኩሳቱም ቀላል ነበር። በመመሪያው መሠረት መጠበቅ ከሚችሉት ነው።

መጠበቅ የማይገባቸው ልጆች

የአሜሪካኖቹም መመሪያ ቢሆን ሁሉንም ልጅ ጠብቁ አይልም። እነዚህ አንቲባዮቲክ ወዲያው ያስፈልጋቸዋል፦

• ዕድሜያቸው ከ6 ወር በታች የሆኑ፤
• ከ2 ዓመት በታች ሆነው ሁለቱም ጆሯቸው የታመመ፤
• ከጆሯቸው መግል የሚፈስ፤
• ሕመሙ የበረታባቸው ወይም ሁለት ቀን ያለፈው፤
• ትኩሳታቸው 39 ዲግሪና ከዚያ በላይ የሆነ።

በሌላ ከባድ በሽታ አቅማቸው የተዳከመ ሕፃናትም እንዲሁ መጠበቅ የለባቸውም።

ታዲያ እኛ አገር ለምን ወዲያው ይሰጣል?

በጤና ጣቢያዎቻችን ከአምስት ዓመት በታች ያሉ ሕፃናት የሚታከሙበት መመሪያ መሠረቱ የዓለም ጤና ድርጅት ያዘጋጀው ነው። በዚያ መሠረት ጆሮውን የሚያመው፣ ወይም መግል መፍሰስ ከጀመረው 14 ቀን ያልሞላው ልጅ ለ5 ቀን አንቲባዮቲክና ለሕመሙ ፓራሲታሞል ይሰጠዋል፤ መግል ካለውም እናት ጆሮውን ማድረቅ ትማራለች፤ በ5ኛው ቀን ይመለሳል። 14 ቀንና ከዚያ በላይ የፈሰሰ ጆሮ ደግሞ ሕክምናው ሌላ ነው፤ ዋናው ማድረቅና በጆሮ የሚገባ ጠብታ ነው።

ይህ ኋላ ቀርነት አይደለም። መጠበቅ የሚቻለው ታምቡሩን በመሣሪያ አይቶ መለየት ሲቻልና ቤተሰቡ መመለስ ሲችል ነው። በብዙ ጤና ጣቢያ የጆሮ መመልከቻ የለም። ሦስት ሰዓት በእግሯ የመጣች እናት ከነገ ወዲያ ትመለሳለች ብሎ መወራረድ አይቻልም። ስለዚህ ነርሷ መድኃኒት ስትሰጣችሁ «ውጭ አገር ጠብቁ ነው የሚሉት» ብላችሁ አትሟገቷት። የተሰጣችሁን በትክክል ስጡ።

ይህን የምለው ከራሴ ጥፋት ተምሬ ነው። ሥራ በጀመርኩባቸው ዓመታት አንዲት እናት ጆሮውን ያመመውን የሁለት ዓመት ልጇን አመጣችልኝ። ትኩሳት አልነበረውም፤ ሲጫወት አየሁት። «ይተወዋል፤ ካልተሻለው ተመለሺ» ብዬ ሸኘኋት። ቀን አልቆረጥኩላትም፤ ምን ምልክት ስታይ እንደምትመለስም አልነገርኳትም። ከወራት በኋላ ለታናሹ ክትባት ስትመጣ ልጁ አብሯት ነበር፤ ሽታ ያለው መግል ከጆሮው ይወርድ ነበር። «ሕመሙ ትቶታል፤ ፈሳሹ ብቻ ነው የቀረው» አለችኝ። ከኋላው ሆኜ በስሙ ጠራሁት። አልዞረም። ጮክ ብዬ ደገምኩት፤ አሁንም አልዞረም።

ከዚያን ቀን ጀምሮ «ካልተሻለው ተመለሺ» ማለትን እንደ ቀጠሮ ቆጥሬው አላውቅም።

ቤት ውስጥ ምን እናድርግ?

ሕመሙን አስታግሱ። አንቲባዮቲክ ታዘዘም አልታዘዘም የመጀመሪያው ሌሊት ሕክምና የሕመም ማስታገሻ ነው፤ አንቲባዮቲክ በመጀመሪያው ቀን ሕመም አይቀንስም። ፓራሲታሞል በልጁ ክብደት ተለክቶ ይሰጣል፤ በ24 ሰዓት ውስጥ ከ4 ጊዜ አይበልጥም። አስፕሪን ለልጅ አይሰጥም። ጡት የሚጠባውን ቶሎ ቶሎ አጥቡት፤ ሌሊት ቀና አድርጎ ማቀፍም ይረዳዋል።

ጠብቁ ከተባላችሁ ቀኑን ጻፉ። የምትመለሱበትን ቀንና የምትደውሉበትን ስልክ ሳትይዙ ከክፍሉ አትውጡ። ከቀኑ በፊት ከባሰበት ቀኑን አትጠብቁ። ከጆሮው ጀርባ ካበጠ ወይም ሲነካ ካመመው፣ ጆሮው ወደ ፊት ከተገፋ፣ አንገቱ ከደረቀ፣ ፊቱ በአንድ ጎን ከተጣመመ፣ ከፈዘዘ፣ መጠጣት ካቃተው፣ የወሰደውን ሁሉ ካስመለሰ ወይም ካንቀጠቀጠው፣ ሌሊትም ቢሆን ወደ ሕክምና ሩጡ።

አንቲባዮቲክ ከታዘዘ በሥርዓቱ ስጡ። ዱቄቱ የሚበጠበጠው ፈልቶ በቀዘቀዘ ውኃ ጠርሙሱ ላይ እስካለው ምልክት ድረስ ነው። ከመስጠታችሁ በፊት ናጡት፤ በወጥ ማንኪያ ሳይሆን አብሮ በመጣው መለኪያ ስጡ። በሁለተኛው ቀን ቢስቅና ቢጫወትም የታዘዘለትን ቀን ይጨርስ።

የተረፈውን አታስቀምጡ። እዚህ ላይ እኛን አያቶችን መውቀስ አለብኝ። ካለፈው ጉንፋን የተረፈ ጠርሙስ ከፍሪጅ አውጥተን፣ ወይም የትልቁን ልጅ ካፕሱል ከፍተን ለትንሹ የምናካፍል እኛ ነን። የተበጠበጠ ሽሮፕ ከጥቂት ቀናት በኋላ ኃይሉን ያጣል፤ መጠኑም ለሌላ ልጅ የተለካ ነው። ሕመሙን ሸፍኖ ጀርሙን ያስተምራል እንጂ አይፈውስም። ያለ ማዘዣ ከፋርማሲ የሚገዛውም ያው ነው። አንድም ሰው የልጁን ጆሮ አላየም።

የሚፈስ ጆሮ አድርቁ። ንጹሕ ለስላሳ የጥጥ ጨርቅ ወይም ጠንከር ያለ ሶፍት እንደ ጧፍ ጠቅልሉ፤ ጆሮው ውስጥ አስገብታችሁ ሲርስ አውጡት፤ በሌላ ንጹሕ ተኩ፤ ደርቆ እስኪወጣ ድገሙት። በቀን ሦስት ጊዜ ይደረጋል። ጨርቁን ውስጥ ትታችሁ አትደፍኑት። ውኃም አይግባበት።

ምንም አትጨምሩበት። የሞቀ ዘይት፣ ቅቤ፣ ነጭ ሽንኩርት፣ የጡት ወተት ጆሮ ውስጥ አይገባም። ታምቡሩ ተቀዶ ከሆነ የምታፈሱት ሁሉ በቀጥታ ወደ ውስጠኛው ክፍል ይገባል። ክብሪት፣ የፀጉር ሽቦና ላባም አይሞከርም።

ከዳነም በኋላ መስማቱን ተከታተሉ። ኢንፌክሽኑ ከጠፋ በኋላ ፈሳሽ ያለ ሕመም ለሳምንታት ሊቆይ ይችላል። ልጁ ሲጠሩት የማይዞር፣ ቴሌቪዥን ድምፅ የሚያስጨምር፣ ንግግሩ የዘገየ ከሆነ «ደንቆሮ» ወይም «አይታዘዝም» ብላችሁ አትቆጡት። አስመርምሩት።

መከላከያውም እጃችን ላይ ነው። የሳንባ ምች ክትባት ከ2004 ዓ.ም ጀምሮ በአገራችን በነፃ ይሰጣል፤ በጆሮ ውስጥ መግል ከሚያመጡት ጀርሞች አንዱን ይከላከላል። የመጀመሪያዎቹን 6 ወራት ጡት ብቻ ማጥባት፣ ጡጦ ልጁን አስተኝቶ አለመስጠት፣ ልጁን ከሲጋራና ከማገዶ ጭስ ማራቅም የጆሮ ሕመምን ይቀንሳሉ።

ጎረቤቴ ሽሮፑን አላከችም። ሆኖም እስከ ሐሙስ ድረስ በቀን ሁለት ጊዜ እየደወለች ልጇን ስታስጨንቃት ሰነበተች። ረቡዕ ዕለት ልጁ ራሱ ስልኩን ነጥቆ «አያቴ፣ ጆሮዬ አያመኝም» አላት። ባይሻለው ኖሮም ሐሙስ ጠዋት መድኃኒቱ ይጀመርለት ነበር። በዚያም ሆነ በዚህ፣ ሐሙስ የሚያየው ሰው ነበረው።