ስለ ፈረሰኛ የተጻፉ መጻሕፍት፤ ይልቁንም ስለ ክሴኖፎን ትምህርት

ለሰው ልጅ ካገለገሉት እንስሳት ሁሉ በጦር ሜዳ እንደ ፈረስ የታመነ ጓደኛ የለም። ስለዚህም ብዙ ሕዝብ ስለ ፈረስና ስለ ፈረሰኛ ተናግሯል፤ አቅራርቷልም። ነገር ግን ፈረስን ማወደስና ፈረስ እንዴት እንደሚያዝ ጽፎ ማስተማር ልዩ ልዩ ነገር ነው። የፊተኛው ጆሮን ደስ ያሰኛል፤ የኋለኛው እጅን ያሠለጥናል። በዚህች አጭር ጽሕፈት የምንናገረው ስለ ኋለኛው ነው።

መጽሐፈ ኢዮብን ያነበበ ሰው በምዕራፍ 39 ስለ ጦር ፈረስ ብርታትና አለመፍራት የተነገረውን ያስታውሳል። ያ ቃል የፈጣሪን ጥበብ ያስደንቃል እንጂ ባልደራስ ሥራውን እንዲማርበት የተጻፈ አይደለም። የባልደራስን ሥራ ከሚያስተምሩት ጽሕፈቶች እጅግ ጥንታዊ ሆኖ የተገኘው የሚታኒው ሰው የኪኩሊ ነው። ይህ ሰው ከክርስቶስ ልደት በፊት በ14ኛው መቶ ዓመት ገደማ፥ ሠረገላ የሚስቡ ፈረሶች በየቀኑ ምን ያህል እንዲሮጡ፥ መቼ እንዲበሉና እንዲጠጡ፥ መቼም እንዲታጠቡ በተራ አስጽፏል። ጽሕፈቱ ዛሬ ቱርክ በምትባለው አገር፥ በኬጢያውያን ከተማ ፍርስራሽ ውስጥ በሸክላ ጽላት ላይ ተገኝቷል።

ስለ ተቀማጭ ፈረሰኛ ከተጻፉት ግን ሙሉ ሆነው እስከ ዘመናችን ከደረሱት ዋነኞቹ የጽርኡ ሰው የክሴኖፎን ሁለት መጻሕፍት ናቸው። አንደኛው ስለ ፈረስ አያያዝና አጋለብ ይናገራል፤ ሁለተኛው የፈረሰኛ ጦር አለቃ ሊያደርገው ስለሚገባው ነገር ያስረዳል።

ክሴኖፎን ከክርስቶስ ልደት በፊት በ430 ዓመት ገደማ በአቴና ከተማ ተወለደ። በወጣትነቱ የፈላስፋው የሶቅራጥስ ደቀ መዝሙር ነበረ። በ401 ዓመት (ከልደት በፊት) የፋርስ ንጉሥ ልጅ ቂሮስ፥ ታናሹ የሚባለው፥ ወንድሙን አርጤክስስን ከመንግሥቱ ሊያወርድ በዘመተ ጊዜ፥ ከጽርእ አገር አሥር ሺህ ያህል ወታደር በደመወዝ ቀጠረ፤ ክሴኖፎንም አብሮ ሄደ። ቂሮስ በባቢሎን አቅራቢያ በውጊያው ላይ ሞተ። ከጥቂት ቀን በኋላም የጽርእ አለቆች ለንግግር ተጠርተው ሳሉ በክዳት ተይዘው ተገደሉ። ወታደሩ ያለ አለቃና ያለ መሪ በጠላት አገር መካከል ቀረ። በዚያን ጊዜ ከተመረጡት አዲስ አለቆች አንዱ ክሴኖፎን ሆነ።

ወታደሩን ካስጨነቁት ነገሮች አንዱ ፈረሰኛ የሌለው መሆኑ ነበር። ክሴኖፎንም ሲያጽናናቸው፥ በጦርነት ላይ ፈረስ ነክሶት ወይም ረግጦት የሞተ ሰው የለም፤ የሚዋጋው ሰው ነው፥ የሚል ነገር ነገራቸው። ይህ ቃል፥ ፈረስ ያደርሳል እንጂ አይዋጋም፥ ከሚለው ከአገራችን ተረት ጋራ ምን ያህል እንደሚስማማ ተመልከቱ። ነገር ግን ሰውን ለማጽናናት የተናገረውን ነገር መንገዱ ወዲያው አረመው። የፋርስ ፈረሰኞችና ወንጭፈኞች ከኋላ እየመጡ ያቈስሏቸው ጀመር። ክሴኖፎን በእግረኛ ቢያሳድዳቸው አንድ ስንኳ ሳይዝ ተመለሰ። ጓደኞቹ ሲወቅሱት አልተከራከረም፤ ጥፋቱን አመነ። ከዚያም በኋላ ዕቃ ከሚጭኑት ከብቶች መካከል 50 ያህል ፈረሶች አስመርጦ ሰው አስቀመጠባቸው፤ 200 ያህል ወንጭፈኞችም አዘጋጀ። ጠላት እንደገና በመጣ ጊዜ እነዚህ ጥቂቶች አባረሩት። ከብዙ መከራ በኋላ ወታደሩ እስከ ጥቁር ባሕር ዳር ደረሰ።

በዚሁ መንገድ ላይ ሌላ ነገር ሆነ። ጠላትን ቀድመው አንድ ተራራ ለመያዝ ሲጣደፉ፥ አንድ ወታደር ክሴኖፎንን፥ አንተ በፈረስ ትሄዳለህ፥ እኔ ግን ጋሻ ተሸክሜ እደክማለሁ፥ ብሎ አጕረመረመ። ክሴኖፎን ከፈረሱ ወረደ፤ የሰውየውንም ጋሻ ተቀብሎ በእግሩ ወደ ላይ ወጣ። የቀሩት ወታደሮች ግን ያን አጕረምራሚ እየሰደቡና እየመቱ ጋሻውን መልሶ እንዲቀበል አደረጉት። እንግዲህ ፈረስ የማዕርግ ምልክት ቢሆንም፥ ከፈረሱ መውረድን የማያውቅ አለቃ ሰውን ሊያዝዝ አይችልም።

አሁን ወደ መጽሐፉ ትምህርት እንግባ። ክሴኖፎን በመጀመሪያ ስለ ፈረስ ምርጫ ሲናገር ከራሱ ወይም ከጋማው አይጀምርም፤ ከእግሩ ይጀምራል። ቤት መሠረቱ ካልጸና ላዩ ቢያምር እንደማይጠቅም፥ የጦር ፈረስም እግሩ ካልበረታ ከንቱ ነው ይላል። ሰኮናው ወፍራም ይሁን፤ ውስጡም ጐድጓዳ ይሁን፤ እንደዚህ ያለው ሰኮና መሬት ሲረግጥ ድምፁ ይለያል። በዚያን ዘመን የብረት ጫማ ለፈረስ አይደረግም ነበርና ሰኮናውን ለማጠንከር በጋጣው ደጅ ድቡልቡል ድንጋይ በብዛት እንዲነጠፍ ያዝዛል። ፈረሱ በዚያ ላይ ቆሞ ሲጐሰምና ዝንብ ሲያባርር እግሩን ስለሚያነሣና ስለሚጥል ሰኮናው ይጠነክራል።

እርካብም በዚያን ጊዜ አልነበረም፤ ፈረሰኛው በጭኑ ብቻ ይይዛል። ስለዚህ ፈረስና ሰው የግድ መግባባት ነበረባቸው። የክሴኖፎን ትምህርት ከፍ ያለው በዚህ ነው። ውርንጭላውን የሚያሳድገው ሰው ረኀቡን፥ ጥማቱን፥ የዝንብንም መከራ ያስወግድለት፤ ያን ጊዜ ውርንጭላው ሰውን ይወዳል እንጂ አይሸሽም። ደግሞ በሕዝብ መካከልና ጫጫታ ባለበት እየወሰደ ያለማምደው። ከሁሉም በላይ በቍጣ ወደ ፈረስ መቅረብ አይገባም፤ ቍጣ ማስተዋል የለውምና ኋላ የሚያጸጽት ሥራ ያሠራል።

ፈረሱ በመንገድ አንዳች ነገር አይቶ ቢደነብር ብዙ ሰዎች በአለንጋ ይመቱታል። ክሴኖፎን ግን ይህን ይከለክላል። ምክንያቱንም ሲያስረዳ፥ የተመታው ፈረስ ሕመሙ ከዚያ ከሚያስፈራው ነገር የመጣ ይመስለዋልና ፍርሀቱ ይጨምራል ይላል። ይልቁንስ ባለቤቱ አስቀድሞ ያን ነገር በእጁ ይንካው፤ ፈረሱንም በቀስታ ያቅርበው። ደኅና በሠራ ጊዜ ዕረፍት ይስጠው፤ ባጠፋ ጊዜ ይከልክለው። በግድ የሚሠራ ፈረስ የሚሠራውን አያስተውለውም፤ ሥራውም አያምርም።

ስለ ጦር አለቃው በጻፈው መጽሐፍም እንዲሁ ያለ ምክር አለ። አለቃው የፈረሶቹን ቀለብና የእግራቸውን ጤና አስቀድሞ ይመርምር፤ ፈረሰኞቹን በሜዳ ብቻ ሳይሆን በገደላገደል ያለማምዳቸው፤ በጕዞም አንድ ጊዜ እያስቀመጠ አንድ ጊዜ እያወረደ የፈረሱን ጀርባና የሰውየውን ጕልበት ያሳርፍ። ወታደሩን የሚያዝዘውን ሁሉ ራሱ አብልጦ ሠርቶ ያሳይ።

የተከበራችሁ መምህራን ሆይ፥ ይህ ነገር ለፈረስ ብቻ የተነገረ አይምሰላችሁ። እኔ ይህን የምጽፈው ሰው በልጅነቴ ዳዊት ስደግም አንድ ፊደል በሳትሁ ቍጥር እገረፍ ነበር። የሳትሁትን ፊደል ዛሬ አላስታውሰውም፤ አለንጋውን ግን አስታውሰዋለሁ። ከመጽሐፉ ፊት እንደ ደነበረ ፈረስ ሆኜ ብዙ ጊዜ ቆየሁ። መምህር ፊደሉን ራሱ ነክቶ ቢያሳይ፥ ልጁንም በቀስታ ቢያቀርበው፥ የሚያስፈራው ነገር እንደማይናከስ ልጁ በዐይኑ ያያል።

የተከበራችሁ ሽማግሎች ሆይ፥ ለእናንተም ነገር አለን። አገራችን የፈረሰኞች አገር ነበረች። ታላላቆቻችን በፈረሳቸው ስም ይጠሩ ነበር፤ ዐፄ ቴዎድሮስ አባ ታጠቅ፥ ዐፄ ዮሐንስ አባ በዝብዝ፥ ዐፄ ምኒልክ አባ ዳኘው፥ ራስ አሉላ አባ ነጋ፥ ፊታውራሪ ሀብተ ጊዮርጊስ አባ መላ፥ ደጃዝማች ባልቻ አባ ነፍሶ ተብለዋል። ብላቴን ጌታ ማኅተመ ሥላሴ ወልደ መስቀል ስለ ፈረስ ስም ያደረጉት ጥናት በ1961 ዓ.ም. ታትሟል፤ ባይጽፉት ኖሮ ብዙው ስም በጠፋ ነበር። ስሙ ተጻፈ፤ የእጁ ብልሃት ግን በአብዛኛው ገና በቃል ነው። አባቶቻችን የእግራቸውን አውራ ጣት ብቻ በትንሽ እርካብ አግብተው እንዴት ይጋልቡ እንደ ነበረ፥ ልጓሙ፥ ኮርቻውና ግላሱ ማን እንዴት ይሠራው እንደ ነበረ፥ ውርንጭላ በስንት ጊዜ እንደሚገራ፥ የታመመ ፈረስ በምን እንደሚታወቅ፥ በጕግስ ጨዋታም ዘንጉ እንዴት እንደሚመከት፥ ይህን የሚያውቁ ሰዎች እያለፉ ነው።

ክሴኖፎን መጽሐፉን የጻፈው ለወጣት ወዳጆቹ እንዲጠቅም ብሎ ነው። ከእርሱ በፊት ሲሞን የሚባል ሰው ስለ ፈረስ ጽፎ ነበርና፥ በሚስማማበት የሲሞንን ነገር አጸና፤ ሲሞን የተወውንም ጨመረበት። እኛም እንዲሁ እናድርግ። በየትምህርት ቤቱ መምህሩ ተማሮቹን ይዞ ፈረስ ወደ ያዘ ሽማግሌ ይሂድ፤ ልጆቹ ይጠይቁ፤ አንዱ የዕቃውን ስም፥ አንዱ የሥራውን ተራ ይጻፍ። ሽማግሌውም ሲነበብለት ሰምቶ የተሳተውን ያርም። ጥቂት ቅጠል ወረቀት ቢሆን ይበቃል፤ የሚመጣው ትውልድ የጐደለውን ይጨምርበታል። ያልተጻፈውን ግን ሊያርመውም ሊጨምርበትም የሚችል የለም።