ጀግናው ከመግባቱ በፊት ቤቱን የሠራው ማነው? የፕሮዳክሽን ዲዛይነሯ የሀና ቢችለር ጉዞ

🎬 ፊልም አይታችሁ ስትወጡ ስለ ተዋናዩ ታወራላችሁ፣ ስለ ዳይሬክተሩ ትከራከራላችሁ። ግን ጀግናው የተቀመጠበትን ሶፋ የመረጠው፣ ግድግዳውን በዚያ ቀለም ያስቀባው፣ ጠረጴዛው ላይ ያቺን የተሰነጠቀች ስኒ ያስቀመጠው ማነው? ስሙን አብዛኞቻችን አናውቀውም። ሥራው ግን ስም አለው፦ ፕሮዳክሽን ዲዛይነር።

👉 ምንድነው የሚሠራው?

ባጭሩ፣ ታሪኩ የሚኖርበትን ዓለም ይፈጥራል። ስክሪፕቱን ይዞ ትዕይንት በትዕይንት ይጠይቃል፦ ዘመኑ መቼ ነው? ይሄ ሰው ገንዘብ አለው? ብቻውን ነው የሚኖረው? ሰውየው አፉን ሳይከፍት ክፍሉ መልሱን መናገር አለበት። ከዚያ ንድፍ ያወጣል፣ ከዳይሬክተሩና ከካሜራ ባለሙያው ጋር ይነጋገራል፣ በጀት ይከፋፍላል፣ አናጺውንም ቀለም ቀቢውንም ዕቃ ፈላጊውንም ይመራል።

ስያሜው የታወቀው በ1939 በወጣው «ጎን ዊዝ ዘ ዊንድ» ነው። አዎ፣ ነቢይ መኮንን እስር ቤት ሆኖ «ነገም ሌላ ቀን ነው» ብሎ የተረጎመው ልብ ወለድ ፊልም! ፕሮዲውሰሩ ዴቪድ ሴልዝኒክ የፊልሙን አጠቃላይ ገጽታ ለቀረጸው ዊሊያም ካሜሮን ሜንዚስ ይህን ማዕረግ ሰጠው። ያ ከተማ ሲቃጠል የሚታየው ትዕይንት ምን እንደነበር ታውቃላችሁ? ከድሮ ፊልሞች የተረፉ የእንጨት ግንባታዎች ናቸው የነደዱት።

👉 አሁን ወደ ሀና

ሀና ቢችለር ያደገችው አሜሪካ ኦሃዮ ውስጥ ነው። መጀመሪያ የተማረችው ፋሽን ዲዛይን ነበር፤ በኋላ ነው ወደ ፊልም ትምህርት የዞረችው። በአንዴ ትልቅ ቦታ ላይ አልወጣችም። ሴት ላይ ዕቃ እያስተካከለች ነው ከታች የጀመረችው።

ከዳይሬክተር ራያን ኩግለር ጋር በ2013 የወጣውን «ፍሩትቬል ስቴሽን» ሠራች። በጀቱ ከ1 ሚሊዮን ዶላር በታች ነው፤ በሆሊውድ ሚዛን የኪስ ገንዘብ በሉት። ታሪኩ ኦክላንድ ባቡር ጣቢያ በፖሊስ የተገደለ ወጣት እውነተኛ ታሪክ ስለሆነ፣ ቀረጻው እዚያው ጣቢያ፣ ሌሊት ባቡር ካቆመ በኋላ ተካሄደ። እዚህ ላይ የዲዛይነሯ ፈተና አዲስ ነገር መገንባት አይደለም፣ እውነቱን አለማበላሸት ነው። ከዚያ «ክሪድ» መጣ፤ ቀጥሎ የዓመቱ ምርጥ ፊልም ተብሎ ኦስካር የወሰደው «ሙንላይት»።

👉 ዋካንዳ

ኩግለር «ብላክ ፓንተር»ን ሲይዝ እሷንም ይዟት ሄደ። ጥያቄው ከባድ ነበር፦ ቅኝ ያልተገዛች፣ በቴክኖሎጂ ዓለምን የቀደመች የአፍሪካ አገር ምን ትመስላለች?

ሀና ደቡብ አፍሪካ ሄዳ አጠናች። የዋካንዳን ታሪክ፣ ጎሳዎች፣ ሰፈሮችና መንገዶች የያዘ 500 ገጽ ገደማ ሰነድ አዘጋጀች። ሰማይ ጠቀስ ፎቆቹ አናት ላይ የሣር ክዳን ጎጆ ቅርጽ አስቀመጠች፤ የቲምቡክቱን የጭቃ ግንብም ጨመረች። ንጉሡ የሚፋለምበት ፏፏቴስ? ደቡብ አፍሪካ ያለውን የኦሪቢ ገደል እንዲመስል ከስታይሮፎም ተጠርቦ፣ እውነተኛ ውሃ የሚፈስበት ሴት ነው።

(የወንዙ ጎሳ ሽማግሌ ከንፈሩ ላይ ያደረገው ገል ከእኛዎቹ ሱሪና ሙርሲ የተወሰደ ነው።)

የካቲት 2019 በፈረንጆች፣ ሀና ከሴት ዲኮሬተሩ ጄይ ሃርት ጋር ኦስካር ወሰደች። ያኔ ሽልማቱ ከተጀመረ 90 ዓመት ሆኖት ነበር፤ ከሷ በፊት በዚህ ዘርፍ አንድም አፍሪካ አሜሪካዊ ዕጩ እንኳ ሆኖ አያውቅም። ያን ምሽት እያለቀሰች የተናገረችው ምክር ቀላል ነበር፦ የምትችለውን ያህል ከሠራህ፣ ያ በቂ ነው።

ከዚያም አላቆመችም። በ2025 የወጣው «ሲነርስ» ላይም ከኩግለር ጋር ናት። ከትንሿ ፊልም እስከ ትልቁ፣ አብረው ያደጉ ሰዎች ናቸው።

የዚህ ሙያ አስቸጋሪው ነገር፣ ሥራህ ጥሩ ሲሆን ማንም አያስተውለውም። ተመልካቹ «እውነት ነው» ብሎ ያልፈዋል። መጥፎ ሲሆን ግን ሁሉም ያያል፤ በድሮ ዘመን ታሪክ ውስጥ ዘመናዊ ማብሪያ ማጥፊያ ግድግዳው ላይ ሲታይ አስቡት።

ሥዕል የምትሞክሩ፣ አርክቴክቸር የምትማሩ፣ ቤት ማስተካከል የምትወዱ ልጆች፣ ፊልም ውስጥ ለመግባት የግድ ካሜራ ፊት መቆም የለባችሁም። ዛሬ ማታ አንድ ፊልም ድምፁን አጥፍታችሁ እዩና ክፍሉን ብቻ አንብቡት።

እስቲ እናንተ፣ ቤቱ ወይም ሰፈሩ ከአእምሯችሁ ያልጠፋ የአገራችን ፊልም የቱ ነው?